ማስተካከያ፦ ማርሴይን የቆረቆሯት ግሪኮች ናቸው

ስለ ሜዲትራንያን የወደብ ከተሞች ቀደም ሲል ባወጣነው ጽሑፍ፣ የፈረንሳይዋ ማርሴይ በሮማውያን እንደተቆረቆረች ተገልጿል። ይህ ስህተት ነው። ከተማዋን ከክርስቶስ ልደት በፊት በ600 ገደማ የመሠረቷት ከፎቅያ በመርከብ የመጡ ግሪኮች ናቸው፤ ፎቅያ ዛሬ ፎቻ የምትባለው የቱርክ የባሕር ዳርቻ ከተማ ናት። ስሟም ማሳልያ ነበር። የዩልዮስ ቄሣር ጦር ከቦ እጅ ያሰጣት ከክርስቶስ ልደት በፊት በ49 ነው፤ ያኔ ከተማዋ ከ500 ዓመት በላይ አስቆጥራለች። ይህን ያህል ዘመን ለሌላ መስጠት ደግሞ ከባድ በደል ነው፤ የፈረንሳይ የባሕር ዳርቻ ከተሞች የሆኑትን ኒስና አንቲብን የተከሉትም እነዚሁ የማሳልያ ግሪኮች ናቸውና። ማስረጃውን ማየት የሚሻ ሰው አሮጌው ወደብ አጠገብ ያገኘዋል፦ እ.ኤ.አ. በ1967 ለግንባታ ሲቆፈር የወጣው የግሪኮች ቅጥር ድንጋይ ዛሬም እዚያው ይታያል።