«እማዬ፣ አንዴ ይድገሙልን»

ወገኖቼ፣ ዛሬ ልቆጣችሁ ነው። ቅር የሚለው ቅር ይበለው።

ሰሞኑን አንዲት ጡረተኛ ተዋናይት ቤት መድኃኒት ላደርስ ሄጄ ነበር። ስማቸውን አልጠራም፤ ያለ ፈቃዳቸው ብዙ ተጠርቷል። ስገባ ሦስት ወጣቶች ቀድመውኛል። አንዱ ካሜራ፣ አንዱ መብራት፣ አንዷ ማይክ ይዘዋል። ከአልጋው ፊት ለፊት የነበረውን ቴሌቪዥን ነቅለው ጓዳ አስገብተውታል። ለምን ብዬ ብጠይቅ «ቲቪ ከታየ ሰው አይሰጥም» አለኝ ልጁ። ግድግዳው ላይ ያለውን የምስክር ወረቀት ግን አልነኩትም። እሱ ያሳዝናል መሰለኝ።

እትዬ ስለ መድረክ ማውራት ጀመሩ። በደርግ ጊዜ ጽሑፉ ለሳንሱር ሄዶ በቀይ እስክሪብቶ ተሰርዞ ሲመለስ፣ ስንት ቀን ያጠኑትን ቃለ ተውኔት በአንድ ሌሊት ለመርሳት እንዴት እንደሚታገሉ ይናገራሉ። አንድ ቀን የተሰረዘው አምልጧቸው መድረክ ላይ ብለውታል። እየሳቁ ነው የሚያወሩት። ልጅቷ አቋረጠቻቸው።

«እማዬ፣ እሱን እንለፈው። የቤት ኪራዩን ይንገሩን።»

ነገሯት። ረጋ ብለው፣ እንደ ማንኛውም ሰው።

«እማዬ፣ አንዴ ይድገሙልን። ትንሽ ስሜት ይኑረው።»

ቀና አሉ። መብራቱ በየት በኩል እንደሆነ አዩ። ፊታቸውን ወደዚያ አዞሩ፣ ነጠላቸውን ወደ ግንባራቸው ሳብ አደረጉ፣ አለቀሱ። ካሜራው ሲጠፋ እንባቸውን ጠርገው «በቃችሁ? ወይስ ልድገም?» አሉ።

እኔ ያችን ጥያቄ ይቅር ማለት አልቻልኩም። ልጆቹ ላይ ብቻ እንዳላላክክ ደግሞ ልጁ ልክ ነው። እኔን ጨምሮ ሁላችንንም አጥንቶናል። ሲስቁ ብናያቸው ኖሮ እጃችን ኪሳችን አይገባም ነበር። ቪዲዮው ወጣ፤ ኪራዩም ተከፈለ፤ አልክድም። ከሥሩ የተጻፈውን አነበብኩት። «እናቴን አስታወሱኝ»፣ «ፈጣሪ ይድረስልዎ»፣ የተሰበረ ልብ፣ የተሰበረ ልብ። የትኛውን ቴአትር ሠርተው እንደነበር የጠየቀ አንድ ሰው የለም።

እነዚህ ሴቶች እኮ መድረኩን በነጻ አላገኙትም። ድሮ የሴቷን ገጸ ባሕርይ የሚጫወተው ቀሚስ የለበሰ ወንድ ነበር። እነ አስናቀች ወርቁ ናቸው ይህን የሰበሩት። «አዝማሪ» የሚል ስድብ እየተከተላት ክራሯን ይዛ ቆመች። እሷ መስከረም 2004 ዓ.ም. ስታርፍ ስንቶቻችን አዘንን! ከዚያ በፊት በሯን ያንኳኳን ስንት ነን?

ኋላ የመጡት ደግሞ አብዮቱ ውስጥ ገቡ። በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ስም በ1948 ዓ.ም. የተከፈተው ቴአትር ቤት ብሔራዊ ተባለ። በየቀበሌው ኪነት ተቋቋመ። ሰዓት እላፊው ሌሊቱን ዘጋ። ፊልም ብርቅ ነው፤ መድረኩን የሚቀርጽ ካሜራ እንዲህ በየኪሱ የለም። የሠሩት አብዛኛው ነገር ካየው ሰው ጭንቅላት ሌላ የተቀመጠበት ቦታ የለም። ያየነው ደግሞ እኛ ነን። ረሳነው።

ደርግን ማመስገኔ አይደለም፤ ያደረገውን ሁሉም ቤት ያውቀዋል። ግን እዩት፣ ሳንሱሩ የሚናገሩትን ይመርጥላቸው ነበር፤ በወሩ መጨረሻ ደሞዝ ይቀበሉ ነበር። እኛ የሚናገሩትንም የሚያለቅሱበትንም መርጠን፣ ያውም ምጽዋት ነው ያልነው። ሃምሳ ብር ልከን «ባለውለታችን» እንላለን። ባለውለታ እንዲህ ነው የሚከፈለው?

ልጆቹ ካሜራቸውን ይጣሉ አልልም። ያ የቀይ እስክሪብቶ ታሪክ ካሁኑ ካልተቀረጸ መቼ ሊቀረጽ ነው? ቴሌቪዥኑን ቦታው መልሱና ቅረጹ። የሚስቁትን አትቁረጡ። ቴአትር ቤት የምትሠሩ፣ የመክፈቻ ቀን ከፊት ወንበር አንዱን ለጡረተኞቻችሁ አስቀሩ፤ መኪና ልካችሁ አስመጧቸው። የጡረታው ነገር ከእኔ አቅም በላይ ነው፤ የሥልጣን ወንበር ላይ የምትቀመጡት ታውቁታላችሁ፤ በዚያች ጡረታ ወር እንደማይገፋም ታውቃላችሁ።

ትሰማላችሁ ብዬ ብዙ ተስፋ የለኝም። ስንቴ ተብሏል። ብቻ ቅዳሜ ሻይ ልጠጣ እሄዳለሁ፤ እትዬም ያመለጣቸውን ቃለ ተውኔት ሊነግሩኝ ቃል ገብተዋል። መምጣት የሚፈልግ ይጻፍልኝ፤ ስልኩን ግን ቤቱ ትቶ ይምጣ።