ሳይቤሪያ ለባሕር ዛፍ ጠበቃ ስትቆም

ባለፈው ሳምንት ባሕር ዳር ላይ ስለ ዘንድሮው የችግኝ ተከላ ውይይት ተደርጎ ነበር። በጣና ዙሪያ ባሕር ዛፍ ብቻ እየተስፋፋ መሄዱ ያሳሰባቸው አንዲት እናት ላነሡት ጥያቄ ከመድረኩ የተሰጠው መልስ «ሩሲያና ካናዳ እኮ ከዳር እስከ ዳር በአንድ ዓይነት ዛፍ ተሸፍነዋል፤ ምን ሆኑ? ደን ደን ነው» የሚል ነበር። አዳራሹም አጨበጨበ። ተናጋሪው ስለ አጣና ዋጋና ስለ ገበሬው ገቢ ቢከራከሩ ኖሮ አዳምጣቸው ነበር፤ ባሕር ዛፍ የስንቱን ጎጆ ቆርቆሮ እንዳለበሰ አውቃለሁና። እሳቸው ግን ሳይቤሪያን ጠበቃ አቆሙ።

ለመሆኑ ያንን ደን አንድ ዓይነት ዛፍ ነው ያላቸው ማን ነው? መርፌ ቅጠል ያላቸው ስፕሩስ፣ ፓይንና ላርች፣ ቅጠለ ሰፊው በርችም ይፈራረቁበታል፤ እሳት በበላው ቦታ ብዙ ጊዜ ቅጠለ ሰፊዎቹ ቀድመው ይበቅሉና ስፕሩሱ በእነሱ ጥላ ሥር ያድጋል። በካናዳ ሊንክስ የተባለችው የዱር ድመት ጥንቸል እያደነች ትኖራለች፤ የጥንቸሉ ቁጥር በየ10 ዓመቱ ገደማ ከፍና ዝቅ ሲል የእሷም ቁጥር ይከተላል። ከባሕር ዛፍ ሥር ግን ፍየል እንኳ የምትቀነጥበው አታገኝም።

የዛፎቹ ዓይነት ጥቂት መሆኑ እውነት ነው፤ ሆኖም ማንም መርጦ አልተከላቸውም። ቨርኮያንስክ በተባለችው የሳይቤሪያ ከተማ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ1892 ከዜሮ በታች 67.8 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ተመዝግቧል። በዚያ አገር ላርች ቅጠሉን አራግፎ፣ ሥሩንም በጋ ሲመጣ በምትቀልጠው ስስ አፈር ላይ ዘርግቶ ይከርማል፤ ሌላው ዛፍ አልቻለም። እንዲህ ያለ ብርድ በሌለበት በጣና ዳር ያንን ድህነት በገዛ እጅ መትከል ምን የሚሉት ጥበብ ነው?

ከሁሉ ይልቅ የሚያንገበግበኝ የአፈሩ ጉዳይ ነው። በሰሜኑ ቅዝቃዜ የረገፈ ቅጠል ቶሎ አይበሰብስም፤ ዓመት በዓመት ላይ እየተደረበ፣ በረግረጉም እየታመቀ ይከማቻል። በዚህ ምክንያት ከዚያ ደን ካርቦን አብዛኛው ያለው በግንዱ ሳይሆን ከእግሩ ሥር ነው፤ ዛፉ ቢቀጥንም፣ ዓይነቱ ቢያንስም ጎተራው መሬት ውስጥ ነው። በእኛ ዘንድ ሙቀቱና ዝናቡ የወደቀውን ቶሎ ያበሰብሱታል፤ የቀረውን አፈር ይዞ የሚያቆየው በላዩ ያለው የዛፍ፣ የቁጥቋጦና የሣር ሽፋን ነው፤ ያ ሽፋን ሲሳሳ የሐምሌ ጎርፍ አፈሩን ጠራርጎ በጉማራና በርብ በኩል ጣና ውስጥ ይደፋዋል። ጎተራ የሌለው ገበሬ ባለ ጎተራውን አይቶ ማሳውን ጦም ያሳድራል እንዴ?

ደግሞም ጠበቃዋ ራሷ ታማለች። በዚያችው በቨርኮያንስክ በ2020 ሰኔ ሙቀቱ 38 ዲግሪ ደርሷል፤ ካናዳም በ2023 ብቻ 15 ሚሊዮን ሄክታር ገደማ በእሳት አጥታለች። ወይስ ካናዳ ድረስ ምን አስኬደን? አዊ ውስጥ ገበሬው ዲከረንስ በተባለው የግራር ዘመድ ከሰል ሲያልፍለት ጎረቤት ጎረቤቱን እያየ ያንኑ አንድ ዛፍ ተከለ፤ ዝገት መሰል በሽታ መጣና ከማሳ ማሳ እየተሻገረ አደረቀው። ከዚያ አዳራሽ ተነሥቶ ይህን ለማየት የግማሽ ቀን መንገድ እንኳ አይፈጅም።

ዘጌ ደግሞ በጀልባ ቅርብ ነው። የአቡነ በትረ ማርያም በትር ቡና፣ ጌሾና ሎሚ ሆነች ተብሎ በሚተረክበት በዚያ ምድር በሬ ጠምዶ ማረስ እንደ ነውር ሲቆጠር ኖሯል፤ ቡናውም የሚለቀመው ከብርብራና ከዋንዛ ጥላ ሥር ነው። እኚያ እናት ለዘንድሮው ተከላ ከተዘጋጁት ችግኞች ስንቱ ብርብራ፣ ስንቱ ዋንዛ፣ ስንቱ ብሳና እንደሆነም ጠይቀው ነበር። ጭብጨባው ሲበርድ መድረኩ ወደ ሻይ ዕረፍት አለፈ።