ምርጥ ምርጡን ብቻ ለሚሰሙ ምስጋና

ዛሬ ምስጋና ለሚገባው እናመስግን። ለዘፋኙ አይደለም፤ ለዜማ ደራሲውም አይደለም። እነሱ ጭብጨባ ለምደዋል። የኔ ምስጋና «የዓመቱ ምርጥ ዘፈኖች» የሚል ስብስብ ገዝቶ «ሙዚቃ ነፍሴ ነው» ለሚለው አድማጭ ነው። እድሜ ይስጠው!

ከስንት ጣጣ እንደተገላገለ አስቡት። የአንድ ዘፋኝን አልበም ከዳር እስከ ዳር መስማት እኮ አደጋ አለው። የማያውቁት ዘፈን ድንገት ሊመጣ ይችላል። መጀመሪያ የማይጥም፣ በአራተኛው ጊዜ ሲሰሙት ግን አንጀት የሚበላ ዓይነት። ማን እስከ አራተኛው ይጠብቃል? ስብስቡ እንዲህ አያንገላታም። ሬዲዮ ለወራት በነጻ ሲግተው የከረመውን በገንዘቡ መልሶ ይገዛዋል። ይሄ ነው ብልህነት!

ደግሞ ሙያው የዋዛ አይደለም፤ ታሪክ አለው። ኬ-ቴል የተባለውን የዘፈን ስብስብ ሻጭ ኩባንያ ያቋቋመው ካናዳዊው ፊሊፕ ካይቭስ ወደ ዘፈን ስብስብ የመጣው በቴሌቪዥን መጥበሻና ቢላዋ ሲሸጥ ቆይቶ ነው። እ.ኤ.አ. በ1966 ካንትሪ የሚባሉ ሃያ አምስት የአሜሪካ ገጠር ስልት ዘፈኖችን አሰባስቦ አወጣ። ገበያው ደራ። ችግሩ አንድ ሸክላ የሚችለው ልክ አለው። ዘፈን በበዛበት ቁጥር መርፌው የሚሄድበት መስመር እየጠበበ፣ ድምፁም እየሳሳ ይሄዳል። ኩባንያው ታዲያ ምን አደረገ? አንዳንዱን ዘፈን አሳጠረው። ቢላዋ ሻጭ ቢቆርጥ ምን ይገርማል? አድማጩም ቅር አላለውም። አዝማቿ እስካለች ድረስ የቀረው ስንኝ ለማን ይጠቅማል?

እንግሊዞች ደግሞ ጨዋታውን አራቀቁት። ስማቸው የማይነገር የስቱዲዮ ድምፃውያን የሰሞኑን ተወዳጅ ዘፈኖች አስመስለው ይዘፍናሉ፣ ሽፋኑ ላይ አንዲት ቆንጆ ትለጠፋለች፣ ዋጋው ይረክሳል፣ አለቀ። እንዲህ ያሉ ስብስቦች እ.ኤ.አ. በ1971 የአገሪቱ የአልበም ሽያጭ ሰንጠረዥ አናት ላይ ወጥተዋል። ዋናው ዘፋኝ የሌለበት የዋናው ዘፋኝ ዘፈን! ጆሮ ይሏችኋል ይሄ ነው።

ከዚያ እ.ኤ.አ. በ1983 ኢኤምአይና ቨርጂን የተባሉ የሙዚቃ ኩባንያዎች ተባብረው «ናው» የተባለውን ስብስብ አመጡ። ሠላሳ ዘፈን፣ ከነዚህም አሥራ አንዱ በእንግሊዝ አንደኛ የወጡ። ስብስቦች ሰንጠረዡን ስላጥለቀለቁት እ.ኤ.አ. በ1989 የራሳቸው ሰንጠረዥ ተለይቶ ተሰጣቸው። ሌሎቹ ዘፋኞች ትንሽ አየር ያግኙ ተብሎ መሰለኝ።

ግን የአደራጁ ጥበብ ሳይነገር መቅረት የለበትም። ሁሉም የሚያውቃቸው ዘፈኖች ከፊት ይሰለፋሉ። ኩባንያው ገፋ ማድረግ የፈለገው፣ ማንም ያልጠየቀው ዘፈን ወደ መጨረሻው ይሸጎጣል። የቆየ ሲዲ ካላችሁ አጫውቱት፤ ባለቤቱ እንኳ እዚያ አካባቢ ደርሶ አያውቅም። መሃል ላይ አንዷ የሞተ ፍቅሯን ታለቅሳለች። እንባዋ ሳይደርቅ፣ በሁለት ሰከንድ ውስጥ፣ ሌላው «እጅ ወደ ላይ!» ይላል። አድማጫችን ያለ ምንም ችግር ከለቅሶ ቤት ወደ ሠርግ ይሻገራል። እንዲህ ያለ ልብ ለሁሉም አልተሰጠም።

አሁን ሸክላውም ሲዲውም ቦታውን ለፕሌይሊስት ለቋል። ልማዱ ግን አልሞተም፤ እንዲያውም ፈጠነ። አዝማቹ አንዴ ከተዘፈነ ጣት ወደሚቀጥለው ትሄዳለች። ሁለተኛውን ስንኝ ለመጻፍ እንቅልፍ አጥቶ ሲያድር የከረመው ገጣሚ ይህን ቢያውቅ ኖሮ ቀደም ብሎ ይተኛ ነበር። ጤናውን ጠበቁለት ማለት ነው።

ብቻ አደራ፣ ይህን ወዳጃችንን «የምትወደውን ዘፈን ማን ነው የዘፈነው?» ብላችሁ እንዳታስጨንቁት። መልሱን አሳምሮ ያውቀዋል፤ ቁጥር 7 ነው፣ ከቁጥር 8 በፊት ያለው።