ክብር ለሦስቱ ሰባቶች

ትናንት ማታ እራት ልቆርስ ስል ስልኬ ጠራ። «ወንድሜ፣ ሰርቨሩ አላስገባም አለን።» ማን ምን እንደነካ አልጠየቅኩም። እናንተም ገብቷችኋል። አንድ ፋይል «ፐርሚሽን ዲናይድ» (አልተፈቀደልህም) ካለ የእኛ ሰው ለምን ብሎ አያጣራም። የፋይል ፈቃድ በሚቀይረው ትእዛዝ ሲኤችሞድ 777 ብሎ ይገላገላል።

እውነቱን ለመናገር ከዚህ በላይ ደግነት የት ይገኛል? ሰርቨሩን የሚያስኬደው ሊኑክስ እኮ ንፉግ ነው። ማንበብ 4፣ መጻፍ 2፣ ማስኬድ 1 እያለ ይሰፍራል፤ ለባለቤቱ፣ ለግሩፑ፣ ለሌላው ሰው ለየብቻ። ሦስቱ ሲደመሩ 7፤ 777 ማለት እንግዲህ ሁሉም ነገር ለሁሉም ነው። 640 የሚል ሰው ለባልደረባው ማንበብ ብቻ ፈቅዶ በመንገደኛው ላይ በሩን ይዘጋል። ክፋት! የ777 ሰው ግን ድንኳን ሲተክል የጥሪ ካርድ አያትምም። መንገደኛው ይግባ። ድስቱን ከፍቶ ይይ፣ 4። ወጡ አልጣመውም? ጨው ይጨምርበት፣ 2። ጠላውን በውሃ ያቅጥነው፤ ያም ያው 2 ነው። ከዚያ 1 አለችው፦ ዘፈኑን ያስጀምር፣ ኬኩን ይቁረጥ፣ ማይኩን ይዞ ሽማግሌዎቹን ከወንበር ያስነሳ፣ ሚዜዎቹን ያባር፤ ካሻውም ሙሽራውን አስወጥቶ ራሱ ከሙሽሪት ጎን ይቀመጥ። ፎቶ አንሺው ማን ነህ አይለውም። እሱም 777 ነው።

ደግነቱ የሚያምረው ደግሞ ሌሊት ነው። ከሌሊቱ 8 ሰዓት ላይ በሩት፣ ማለትም በሁሉ አዛዡ ተጠቃሚ ስም የሚነሳ የባካፕ ስክሪፕት (መጠባበቂያ ቅጂ የሚያስቀምጥ የትእዛዝ ፋይል) አለ። ማንም እንዲጽፍበት ተፈቅዷል። ተራው ተጠቃሚ አንድ መስመር ጨምሮበት ይተኛል፤ ጠዋት ሩት ሆኖ ይነሳል። ለሎተሪ እንኳ ቲኬት ይገዛል።

ቀልዱን ልተወው። ትናንት 777 በተደረገው ሰርቨር አንድ ፎልደር ውስጥ የደንበኞች መታወቂያ ፎቶ ነበር። ስልክ ቁጥራቸው፣ የእናታቸው ስም ነበር። አምስት ደቂቃ ማንበብ ስለሰለቸህ የማታውቀውን ሰው ገመና አደባባይ ታሰጣለህ? ነውር ነው!

ወደ ምስጋናችን እንመለስ። የትናንቱ ባለውለታ በአንድ ፎልደር አልተወሰነም። ሁሉንም ፎልደር ከያዘችው ከስላሽ ጀምሮ ሲስተሙን በሙሉ 777 አድርጎታል። ከሩቅ ወደ ሰርቨሩ የሚያስገባው ኤስኤስኤች ቁልፎቹ ለሁሉ ክፍት ሆነው ሲያገኛቸው አልነካም ብሎ አኮረፈ። ተራውን ተጠቃሚ ለጊዜው ሩት የሚያደርገውን ሱዶን በሩት ሥልጣን የምታስነሳው ሴትዩአይዲ የምትባል ቢት አለች፤ እሷም በ777ቱ አብራ ተጠርጋ ሄደች። ለሰውየው የቀረችው አንዲት ሳትዘጋ የተረሳች ተርሚናል (ትእዛዝ መጻፊያ መስኮት) ብቻ ናት። ይህን ሁሉ በስልክ ሳስረዳው እህ እህ እያለ ሰማኝ። እንጀራዬ ደርቋል።

«አሃ ገባኝ» አለኝ። «ሱዶ ፐርሚሽን አጥሮት ነዋ። ለብቻው 777 ልስጠው?»