ትልቅ ዛፍ ሥር ምን ይበቅላል?

ቅዳሜ ከሰዓት ጣና ዳር ቡና እየጠጣን ነበር። ክርክሩ በአቦል ተጀምሮ በረካ ላይም አላለቀም።

ነገሩን ያነሳው እንጨት የሚቀርፀው ወጣት ነው።

«ከመምህሬ ልለቅ ነው።»

«ምን በደሉህ?» አሉት ጋሼ።

«ኧረ ምንም! ግን የምሠራው ሁሉ የሳቸውን ይመስልብኛል። ፊት ስቀርፅ አፍንጫው ሁልጊዜ በሳቸው አቀራረፅ ይወጣል።»

ሳቅን። እሱ አልሳቀም። «ብራንኩሲም ለቋል» አለ። ሩማንያዊው ቀራፂ እ.ኤ.አ. በ1907 ፓሪስ አካባቢ ታዋቂው ፈረንሳዊ ቀራፂ ሮዳን ዘንድ ገብቶ፣ ሁለት ወር ገደማ ሠርቶ ወጣ። «ትልቅ ዛፍ ሥር ምንም አይበቅልም» አለ ይባላል።

ጋሼ የዘጌ ሰው ናቸው። ይህን ሰምተው ዝም ሊሉ አይችሉም። «ይኼ ሰውዬ ዘጌን አላየም! ቡናችን የት ነው የሚበቅለው? ትልልቅ ዛፍ ሥር አይደለም እንዴ?»

«ይበቅላል ጋሼ። ቡናው ግን ዛፉን አይመስልም። እኔ እየመሰልኩ ነው።»

ጋሼ ሲኒያቸውን አስቀመጡ። መልሱ ገብቷቸዋል፣ ግን አልተረቱም።

ሥዕል የምታስተምረው ጓደኛችን ጣልቃ ገባች። «ሮዳን የሚያበጀው በጭቃ ነበር። ጭቃ ሲበዛ ትቀንሳለህ፣ ሲያንስ ትጨምራለህ። እብነ በረዱን የሚጠርቡለት ሌሎች ባለሙያዎች ነበሩ። ብራንኩሲ ግን መሮውን ይዞ በቀጥታ ድንጋዩ ላይ ገባ። አንዴ የተፈለጠ ድንጋይ ደግሞ አይመለስም። ሰውየው የሸሸው ከመምህሩ ብቻ ሳይሆን ከጭቃውም ነው።»

ይህ ለእንጨት ቀራፂ ትልቅ ነገር ነው። ልጁ ግን ልቡ ሌላ ቦታ ነበር።

እኔ ብፈርድ ለልጁ ሙሉ በሙሉ አልፈርድለትም። ብራንኩሲ ሮዳን ዘንድ ሲገባ 30 ዓመት ሞልቶት ነበር። ቡካሬስት የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ጨርሷል። የኛው ልጅ መሮ ከጨበጠ ገና 2 ዓመቱ ነው። ደግሞስ ሰውየው በእርግጥ ለቋል? ከወጣ ብዙም ሳይቆይ «መሳሳም» የሚል ሥራ ጠረበ። ሮዳንም «መሳሳም» አለው! የሮዳኖቹ ፍቅረኞች ጡንቻቸውና ጀርባቸው ሳይቀር ሥጋ ለብሶ ይታያል። የብራንኩሲዎቹ ግን ከአንድ ድንጋይ ሳይላቀቁ ተቃቅፈዋል፤ ድንጋዩም ድንጋይነቱን አልተወም። በሩን ዘግቶ ወጣ የተባለው ሰው፣ ውጭ ቆሞ መምህሩን ይሟገት ነበር።

ልጁም ከመልቀቁ በፊት ከመምህሩ ሥራዎች አንዱን መርጦ በራሱ መንገድ ይጥረበው። አፍንጫው የማን እንደሚሆን ያኔ እናያለን።