አምስቷ ደቂቃ ትባረክ

ዛሬ የመጣሁት ውለታ ልመልስ ነው። የአምስት ደቂቃ ምግብ ባለሙያዎችን ላመሰግን። ስልካችንን በከፈትን ቁጥር «በ5 ደቂቃ ብቻ!» እያሉ ብቅ የሚሉትን እነዚያን ደጋግ ሰዎች። ጊዜ የሚባለውን ጨካኝ ጌታ ብቻቸውን ተጋፍጠው ያንበረከኩ ጀግኖች ናቸው። እኛ ግን አንዲት ላይክ ወርውረን እናልፋቸዋለን። ነውር ነው።

በተለይ የድንቹ ባለሙያ። ያ በስሱ ተቆርጦ፣ ተደርድሮ፣ መሀል መሀሉ ላይ ክሬምና ቺዝ ገብቶበት፣ ማይክሮዌቭ ውስጥ ገብቶ በ5 ደቂቃ ወርቅ መስሎ የሚወጣው ድንች። አይታችሁታል። ለሰውም ልካችሁታል። የላካችሁለትም ሰው ለሌላ ልኮታል። እስካሁን የበላው ሰው ብቻ ነው ያላጋጠመኝ።

ከሁሉ የማደንቅላቸው ትሕትናቸውን ነው። ቪዲዮው ሲጀምር ድንቹ ታጥቧል፣ ተልጧል፣ እንደ ወረቀት ሳስቶ በመስታወት ሳህን ተቀምጧል። ማን ላጠው? ማን ቆረጠው? አይነገርም። «ቀኝህ የምትሠራውን ግራህ አትወቅ» የሚለውን ቃል እንዲህ አድርጎ የፈጸመ ሰው አላየሁም። እኛ አንድ ድንች ብንልጥ ለቤቱ ሁሉ እናወራለን። እነሱ አንድ ኪሎ ልጠው ትንፍሽ አይሉም። ሰዓታቸውም መቁጠር የሚጀምረው የማይክሮዌቩ ቁልፍ ሲጫን ነው። ከዚያ በፊት ያለው ጊዜ፣ ጊዜ አይደለም። ምን እንደሆነ እንጃ። ምናልባት የጽሞና ሰዓት ይሆናል።

እኔም ባለፈው እሑድ ከጀግኖቹ ተርታ ልሰለፍ ተነሳሁ። አክስቴ ለምሳ ይመጣሉ። ዋናው ምግብ ደርሷል። የጎደለው ከጎኑ የምትቀርብ አንዲት ነገር ብቻ ናት። አክስቴ ደውለው «ልምጣ ወይስ ትንሽ ልቆይ?» አሉኝ።

«ይምጡ እንጂ! የቀረኝ አምስት ደቂቃ ነው» አልኳቸው። ያኔ ድንቹ ገና ከነአፈሩ ነበር።

ሰዓቱን በስልኬ ያዝኩ። ባለሙያዎቹን ተጠራጥሬ አይደለም፤ ለታሪክ እንዲቀመጥ ብዬ ነው። ማጠብ፣ 3 ደቂቃ። መላጥ፣ 11 ደቂቃ። የእኔ ድንች እንደ ቪዲዮው ድንች ለስላሳ አልነበረም። ዐይን አለው፣ ጉድጓድ አለው። የአንደኛው ጎኑ አረንጓዴ ሆኗል። እሱን በወፍራሙ ቆርጬ ጣልኩት፤ አረንጓዴ የሆነው ቦታ ላይ የሚከማቸው ሶላኒን የሚባል መርዝ በማብሰል አይጠፋም። የባለሙያዎቹ ድንች አረንጓዴ ሆኖ አያውቅም። ካሜራ ፊት እንዲህ ሆኖ መቅረብ ያሳፍረዋል መሰለኝ።

ከዚያ መቁረጥ። ውፍረቱ ከ2 እስከ 3 ሚሊ ሜትር መሆን አለበት። ከዚያ ከወፈረ መሀሉ ጥሬ ይቀራል፣ ከሳሳ ደግሞ ፈራርሶ ገንፎ ይሆናል። የመጀመሪያውን ቆረጥኩ። ቢላው ላይ ተለጠፈ። ሁለተኛውን ስቆርጥ የመጀመሪያውን ገፍቶ ወደ ላይ አወጣው። ሦስተኛው ሁለቱን ተሸክሞ የቢላው እጀታ ድረስ ሄደ። በጣቴ ላላቅቃቸው ስሞክር አንዱ ተንሸራቶ ወለሉ ላይ አረፈ። ሌላኛው በአንድ በኩል 2 ሚሊ፣ በሌላ በኩል 8 ሚሊ ሆኖ እንደ በር ማቆሚያ ወጣ። ቪዲዮው ውስጥ ይሄ ሁሉ የለም። ቢላው አንድ ጊዜ «ሸክ» ይላል፣ ከዚያ ሃምሳ ቁርጥ ተሰልፎ ይታያል። ይሄ ጥበብ ካልሆነ ምን ይባላል?

ይሄኔ በሩ ተንኳኳ። አክስቴ ናቸው።

«ደረሰ?»

«አምስት ደቂቃ ብቻ» አልኳቸው። አልዋሸሁም። የአምስት ደቂቃ ድንች እኮ ሁልጊዜ አምስት ደቂቃ ይቀረዋል።

አክስቴ ለትንሽ ጊዜ ቆመው አዩኝ። ከዚያ ምንም ሳይሉ እጅጌያቸውን ሰብስበው ቢላውን ከእጄ ተቀበሉ። የቀሩትን ሁለት ድንቾች ቆረጡ። ቁርጦቻቸው ሁሉ እኩል ነበሩ። መቁረጡ በጠቅላላ 16 ደቂቃ ፈጀ። ከዚያ ውስጥ 12ቱ የእኔ ናቸው።

ቁርጦቹን ላጥብ ወደ ቧንቧው ስሄድ «ምን ልታደርግ ነው?» አሉኝ። ቪዲዮው ላይ ይታጠባሉ። ያምራል! ውሃው ኩልል እያለ ይወርዳል፣ ቁርጦቹ ያብረቀርቃሉ። ችግሩ፣ ታጥቦ የሚሄደው ነጭ ነገር ስታርች ነው። ወተቱን አወፍሮ ድርድሩን እርስ በርሱ የሚያያይዘው እሱ ነው። ድንቹ ዘይት ውስጥ የሚጠበስ ቢሆን ማጠቡ ይጠቅም ነበር፣ እንዳይጣበቅ። እዚህ ግን እንዲጣበቅ ነው የምንፈልገው። ባለሙያዎቹ ይሄን ሳያውቁ ቀርተው አይደለም። ለውበት ሲሉ ጣዕምን የሠዉ ሰዎች ናቸው፤ አርቲስት እንዲህ ነው።

ነጭ ሽንኩርት መፍጨትና ወተቱን ከክሬም፣ ከጨውና ከቁንዶ በርበሬ ጋር ማዋሃድ 5 ደቂቃ ወሰደ። መደርደሩ 8 ደቂቃ። አንድ ረድፍ ድንች፣ ትንሽ ቺዝ፣ ትንሽ ክሬም፣ እንደገና ድንች። እስካሁን 43 ደቂቃ ሆኗል። አሁን ነው እንግዲህ አምስቷ ደቂቃ የምትጀምረው።

እዚህ ላይ ስለ ማሽኑም አንድ ቃል ልበል። ማይክሮዌቭ የተገኘው በአጋጣሚ ነው። እ.ኤ.አ. በ1945 ፐርሲ ስፔንሰር የተባለ አሜሪካዊ መሐንዲስ የራዳር መሣሪያ አጠገብ ቆሞ ኪሱ ውስጥ የነበረው ጣፋጭ ቀለጠበት። ከዚያ ፈንድሻ ሞከረ። ከዚያ እንቁላል ሞከረ፤ እንቁላሉ ፈነዳ ይባላል። የአባቶቻችን «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» ያኔ ነው ያከተመለት። እንቁላል ለካ ካጣደፉት በእግሩ መሄድም አያስፈልገው፤ ይበርራል። ከሁለት ዓመት በኋላ ለገበያ የቀረበው የመጀመሪያው ማይክሮዌቭ ቁመቱ 1.8 ሜትር፣ ክብደቱ 340 ኪሎ ገደማ ነበር። ያንን የሚያህል ብረት አሳንሰው ጠረጴዛችን ላይ ያስቀመጡልን ሰዎች፣ እኛ የተረፈንን አምስት ደቂቃ ምን ላይ እንደምናውለው ቢያዩ ምን ይሉ ይሆን? ሌላ የ5 ደቂቃ ቪዲዮ እያየንበት ነው።

ወደ ድንቹ ልመለስ። 5 ደቂቃ ሞላሁና ቁልፉን ተጫንኩ። ባለሙያዎቹ ስለ ዋት ምንም አይሉም። ዋት የሚባለው ነገር ለተራ ሰው ነው። በ1000 ዋት 5 ደቂቃ የሚፈልግ ነገር በ700 ዋት 7 ደቂቃ ከምናምን ይፈልጋል፤ ስሌቱ የማባዛትና የማካፈል ነው። የእኔ ማይክሮዌቭ 700 ነው። በአራተኛው ደቂቃ ወተቱ ተንተክትኮ ከሳህኑ ወጣ፣ የሚሽከረከረው መስታወት ላይ ፈሰሰ፣ እዚያው እየዞረ መድረቅ ጀመረ። ሰዓቱ ሲጮህ ዳር ዳሩ ፈልቷል። መሀሉን በሹካ ስወጋው «ቀጭ» አለ። ጥሬ ነው።

ጥፋቱ የእኔ ነው። ጥልቅ ሳህን ነው የመረጥኩት፣ ድርድሩ በመስታወቱ ጎን እንዲታይ። ሞገዱ ምግብ ውስጥ የሚዘልቀው ጥቂት ሴንቲ ሜትር ብቻ ነው። ከዚያ ወዲያ ያለውን የሚያበስለው ከዳር ወደ መሀል ቀስ እያለ የሚሄደው ሙቀት ነው። ስለዚህ ሰፊና ዝቅ ያለ ሳህን፣ ሁለት ሦስት ረድፍ ብቻ፣ ከላይ እንፋሎቱን የሚይዝ መክደኛ ቢኖረው ኖሮ ነገሩ ይቀል ነበር። የቪዲዮው ሳህን ግን ጥልቅ ነው፣ ክዳንም የለውም። ክዳን ካለው ምን ይታያል?

ሌላ 5 ደቂቃ። አሁንም «ቀጭ»። ሌላ 4 ደቂቃ። አክስቴ «አውጣውና ከድነህ ተወው፣ በራሱ ሙቀት ይጨርሳል» አሉኝ። 5 ደቂቃ ተቀመጠ። እውነትም ለሰለሰ። ይቺ የመጨረሻዋ አምስት ደቂቃ፣ ማንም ምንም የማይነካበት፣ የምግቡ ዋና ክፍል ሆና ተገኘች። ቪዲዮው ላይ የለችም። ዝም ብሎ የተቀመጠ ሳህን ማን ያያል?

የቀረው ወርቃማው ቀለም ነው። የእኔ ድንች የወጣው ገርጥቶ ነው፣ ከሕመም እንደተነሳ ሰው። ምግብ ቡናማ እንዲሆን ላዩ ወደ 140 ዲግሪ አካባቢ መድረስ አለበት። እርጥብ ነገር ግን ውሃው እስካልደረቀ ድረስ ከ100 ብዙም አያልፍም። ማይክሮዌቩም የሚያሞቀው በዋናነት ያንኑ ውሃ ነው። ታዲያ የባለሙያዎቹ ወርቅ ከየት መጣ? ቪዲዮውን እንደገና ከፈትኩት። አክስቴም መነጽራቸውን አድርገው አብረውኝ አዩ። ሳህኑ ማይክሮዌቭ ውስጥ ይገባል። ምስሉ ይቆረጣል። ሳህኑ በወፍራም የኦቨን ጓንት ተይዞ ይወጣል። ከኋላ፣ ጥግ ላይ፣ የኦቨን መብራት በርቷል።

አክስቴ ጣታቸውን መብራቱ ላይ አደረጉ። ምንም አላሉም።

እኔ ግን ልቤ ተነካ። ለካ ትሕትናው የሰዎቹ ብቻ አይደለም። ኦቨኑም ትሑት ነው! ሥራውን ሠርቶ፣ ወርቁን አውጥቶ፣ ምስጋናውን ለጎረቤቱ ለማይክሮዌቭ ትቶ ጥግ ላይ ይቆማል።

የጥንቶቹ ሲታሰቡኝ ያሳዝኑኛል። ይሄ ምግብ በፈረንሳይ ግራተን ዶፊኗ ይባላል። ስሙ ተጽፎ የተገኘው እ.ኤ.አ. ሐምሌ 12 ቀን 1788 ጋፕ በምትባል ከተማ አንድ መስፍን ለከተማዋ ሹማምንት ባደረገው ግብዣ ላይ ነው። ምስኪኖች። በለስላሳ እሳት ከአንድ ሰዓት በላይ እስኪበስል ተቀምጠው ሲያወሩ ነበር የሚውሉት። የሚያዩት ስልክ እንኳ አልነበራቸውም።

የእኛው ማዕድ ላይ የደረሰው በ62ኛው ደቂቃ ነው። አክስቴ ቀመሱ። «ይጣፍጣል» አሉ። እውነትም ይጣፍጣል፤ ይሄን መካድ አልችልም። ከመብላታችን በፊት ግን ፎቶ አነሳሁ። ከገረጣው ጎን ሳይሆን ቺዙ ከበዛበት ጎን። የፈሰሰውን ወተት በጨርቅ ከለልኩት። ጥግ ላይ የአክስቴ ክርን ገብቶ ነበር፣ ቆረጥኩት። ከሥሩ «በ5 ደቂቃ ብቻ!» ብዬ ጻፍኩና ለቀቅሁት።

ሁለተኛውን ጉርሻ ሳልጨርስ የአክስቴ ስልክ ጮኸ። መነጽራቸውን እንደገና አደረጉ። ፎቶውን ረጅም ጊዜ አዩት። ላይክ አደረጉልኝ። ከዚያ የፎቶውን ጥግ በጣታቸው እየነኩ፣

«እዚህ ጋ እኮ የኔ ክርን ነበር» አሉ።