ውዳሴ ፊልትሮ

ደብል ጋቢና ፒካፕ የሚነዳ ሰው ለተፈጥሮ ያለውን ፍቅር ማየት የሚሻ፣ ተክለ ሃይማኖት ወርዶ አንድ የመለዋወጫ ሱቅ ደጃፍ ይቁም። ደንበኛው ባንኮኒው ላይ ሦስት የዘይት ፊልትሮ፣ ማለትም የሞተር ዘይት ማጣሪያ፣ አስደርድሯል። ጥቁሯን ፊት ነሳት። ነጯን ገልበጥ አድርጎ አይቶ መለሳት። ሦስተኛዋ አረንጓዴ ተቀብታለች፤ ካርቶኗ ላይ ቅጠል ተስሏል፣ ከቅጠሉ ሥር "ለአካባቢ ተስማሚ" የሚል ተጽፏል። "ይቺን ስጠኝ" አለ። እንዲህ ያለ ዜጋ ሲገኝ ከማመስገን በቀር ምን ይባላል!

ቀለም አይቶ መግዛት ያለ ስሙ የተናቀ ጥበብ ነው። ነገር ፈላጊዎች "ሆዷን እይ" ይላሉ። የታሸገ ቆርቆሮ ሆድ ማን ያያል? ቆርጦ የከፈታት ሰው የሚያገኘው እንደ አኮርዲዮን የታጠፈ ወረቀት፣ አንድ ሞላ፣ አንድ የላስቲክ ቫልቭና አንድ ባይፓስ ቫልቭ ነው። ከአራቱ አንዱም አረንጓዴ አይደለም። ወረቀቱ ስንት እጥፍ እንዳለው፣ እጥፋቱ እኩል ተራርቆ ይሁን ወይስ አንድ ቦታ ተኮማትሮ ሌላ ቦታ ሳስቶ፣ ጫፉ በሙጫ በደንብ ተያይዞ ይሁን ወይስ ዘይት ሾልኮ የሚያልፍበት ክፍተት ኖሮት፣ ይህ ሁሉ ከቅጠሉ ሥዕል ጋር ምን አገናኘው?

ካርቶኑ ላይ "99 በመቶ ያጣራል" የሚልም አለ። ሸጋ ቁጥር ነው፤ ከምን ያህል ውፍረት ጀምሮ ብሎ የሚጠይቅ ግን ነገረኛ ነው። አይኤስኦ 4548-12 የሚባል የፍተሻ ደረጃ አለ። በዚያ የተለካች ፊልትሮ "20 ማይክሮን የሚያህለውን ቆሻሻ 99 በመቶ ትይዛለች" ተብሎ ይጻፍላታል። ማይክሮን የሚሊ ሜትር አንድ ሺኛ ነው፤ የሰው ጠጉር ወደ 70 ማይክሮን ይወፍራል። ማይክሮኑ ያልተጻፈበት 99 በመቶ ደግሞ ለወንፊትም ይሠራል፤ ወንፊትም ጠጠር ከተሰጠው መቶ በመቶ ያጣራል። የእኛ ወዳጅ ግን ከመቶ 99 ያመጣን ተማሪ "ፈተናው ምን ነበር?" ብሎ የሚያሳፍር ጨካኝ አይደለም።

የላስቲኩ ቫልቭ ሥራ ሞተር ሲጠፋ ፊልትሮዋ ውስጥ ያለው ዘይት ከሞተሩ ሥር ወዳለው የዘይት ገንዳ፣ ወደ ኮፓ፣ ተመልሶ እንዳይወርድ ማገድ ነው። ፊልትሮዋ በጎኗ ተጋድማ ወይም አፏን ቁልቁል ደፍታ በምትገጠምበት ሞተር ላይ ቫልቩ ከደረቀና ከጠነከረ፣ ዘይቱ ሌሊቱን ሾልኮ ያድራል። ጠዋት ቁልፍ ሲዞር የዘይቱ መብራት ቶሎ አልጠፋ ይላል፤ ሞተሩም ዘይት እስኪደርሰው ለሁለት ሦስት ሰከንድ ያንኳኳል። ከሲሊኮን የተሠራው ቫልቭ ሙቀትም ብርድም ይችላል፤ ርካሹ ላስቲክ ከጊዜ ብዛት እንደ ፕላስቲክ ይደርቃል። ባለ አረንጓዴ ፊልትሮው ግን ኳኳታውን ሲሰማ "የናፍጣ ሞተር ድሮም ይጮኻል" ይልና ጋዝ ረግጦ ያሞቀዋል። አየር ወደ ሞተሩ የሚነፋው ቱርቦም የሚጠብቀው ያንኑ ዘይት ነው። ምስኪን፣ አፍ የለው።

ባይፓስ ቫልቩማ የትሕትና ምሳሌ ነው። ወረቀቱ በጥቀርሻ ሲደፈን ሞተሩ ዘይት አጥቶ ተጣብቆ እንዳይቆም ቫልቩ ተከፍቶ ዘይቱን ሳይጣራ ያሳልፈዋል። በሌላ አነጋገር ፊልትሮዋ ጡረታ ወጥታለች፣ ደመወዟ ግን አልተቋረጠም። ቆሻሻው በቀጥታ ክራንክሻፍቱ (የሞተሩ ዋና ዘንግ) በሚዞርበት ብሮንዚን ላይ ይሰፍራል። ይህ የሚሆነው "እስከ 15,000 ኪሎ ሜትር" የሚል ጽሑፍ የታመነ ጊዜ ነው። ጽሑፉን ያመነው ሰው ሒሳቡን በአካባቢ ጥበቃ ስም ነው የሠራው፤ በ5,000 ከምቀይር በ15,000 ብቀይር ሁለት ቆርቆሮ ከመጣል አዳንኩ ይላል። መኪናው ግን የሚሄደው አስፋልት በሌለው ፒስታ መንገድ ላይ አቧራ እየቃመ ነው። ከዚያም አለቃ ስብሰባ እስኪጨርስ ሹፌሩ ኤሲ ከፍቶ ሞተር ሳያጠፋ ሁለት ሰዓት ይጠብቃል። ኪሎ ሜትር ቆጣሪው ቆሞ ይተኛል፣ ጥቀርሻው አይተኛም። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ቢባል፣ የዳኑት ሁለት ቆርቆሮዎች የአንድ ክራንክሻፍት ሩብ ያህል እንኳ አይመዝኑም።

ከዚህም ከፍ ያለ ማዕረግ ላይ የደረሱ አሉ፤ ፊልትሮ አጥበው የሚመልሱ። ጣሉ፣ አባከኑ ተብለው አይታሙም። ፊልትሮዋን በናፍጣ ይዘፈዝፋሉ፣ በኮምፕረሰር ይነፏታል፣ ወልውለው ይገጥሟታል። ወረቀቱ ውጭ ፊት ላይ ይዞት የነበረው የብረት ብናኝ በአየር ግፊቱ ወደ ንጹሑ ጎን ይሻገራል፣ ሙጫው ይለቃል፣ እጥፋቱ ውስጥ የቀረው ናፍጣ አዲሱን ዘይት ያቀጥነዋል። የታጠበበት ናፍጣስ? እሱማ ቱቦ ውስጥ ገባ፤ ከእኛ ራቀ። በጽድቅ ከእነሱ የሚወዳደሩት "ዘይት ብቻ ቀይርልኝ፣ ፊልትሮዋ ገና ናት" የሚሉት ናቸው። ፊልትሮዋ እንደ ትልቅነቷ ከአንድ የሻይ ብርጭቆ እስከ ግማሽ ሊትር ጥቁር ዘይት ትይዛለች፤ አዲሱ 7 ሊትር ገና ገብቶ ሳይረጋ በአሮጌው ይባረካል።

የተማሩት ደግሞ ካርትሪጅ ይፈልጋሉ። ቆርቆሮ የሌላት፣ ወረቀቷ ብቻ ተቀይሮ ቤቷ ሞተሩ ላይ የምትቀር ፊልትሮ ናት፤ እውነትም ብክነቷ ያነሰ ነው። ችግሩ ሞተሩ አስተያየት አይቀበልም። ሀይሉክስ በ2.5ና በ3.0 ኬዲ ሞተሩ፣ ኋላም በ2.4ና በ2.8 ጂዲ ሞተሩ የሚወስደው ተጠምዝዛ የምትገባዋን ባለ ቆርቆሮ ነው። ባለ ሱቁን "ካርትሪጅ ከሌለህ ለተፈጥሮ አታስብም" ብሎ መቆጣት የሀይሉክሱን ሞተር አይቀይረውም። ፎርድ ሬንጀር ባለ 3.2 ካርትሪጅ አለው፤ እዚያም ቢሆን ጽድቅ ያለ ሥራ አይገኝም። የክዳኑ ኦሪንግ፣ የላስቲክ ቀለበቱ፣ አብሮ መቀየር አለበት፣ ክዳኑ ፕላስቲክ ከሆነ በጉልበት ሳይሆን በላዩ በተጻፈው የማጥበቂያ ልክ፣ በኒውተን ሜትር፣ ይጠበቃል። የዚያ ሞተር የጥገና መመሪያ በተለይ የሚያስጠነቅቀው፣ ዘይቱ ተቀድቶ ከ10 ደቂቃ በላይ ባዶውን እንዳይቆይ ነው፤ የዘይት ፓምፑ አየር ይዞ ዘይት መሳብ ያቅተዋል። የዘይት ማውረጃውን ታፖ ፈትቶ "እስኪንጠፈጠፍ ቡና እንጠጣ" የሚል መካኒክ ያለበት ጋራዥ፣ አቦል፣ ቶና፣ በረካ ብሎ ሲመለስ ሞተር ሊያወርድ ይችላል።

ታጥባ ደግማ የምትሠራ የብረት ወንፊት ፊልትሮም በውጭ ገበያ ትሸጣለች፤ 35 ማይክሮን የሚል የተጻፈባት አለች። ያው የማጠቢያው ነገር ነው፣ ከላይ ተመስግኗል።

ስለ ገጠማው ብዙ አንልም። አሮጌዋ ስትፈታ የላስቲክ ቀለበቷ ሞተሩ ላይ ተጣብቆ ይቀራል፤ አዲሷ በላዩ ትገጠማለች፤ ሁለት ላስቲክ ተደራርቦ ግፊት ሲመጣ ይንሸራተትና 7 ሊትሩ ዘይት በጥቂት ደቂቃ አስፋልት ላይ ይነጠፋል። ቀለበቱን በጣት አዲስ ዘይት ቀብቶ፣ ሞተሩን ከነካ በኋላ በእጅ ሦስት አራተኛ ዙር ማጥበቅ በቂ ነው። ይህን ግን ጉልበት ያለው ሰው እንደ ስድብ ይቆጥረዋል፤ በሰንሰለት መፍቻ ካላጠበቀ እንቅልፍ አይወስደውም። በሚቀጥለው ሰርቪስ በካቻቪቴ ወግቶ ሲፈታት ቆርቆሮው ይቀደዳል፣ ሥሯ ሞተሩ ላይ ይቀራል። "ገባች እኮ!" የሚባልላት ደግሞ አለች። የሞተሩ ጥርስ 3/4 ኢንች ከሆነ 19.05 ሚሊ ሜትር ማለት ነው፤ ለ20 ሚሊ ሜትር ጥርስ የተሠራች ፊልትሮ እዚያ ላይ ላላ ብላ ትዞራለች፣ የጠበቀችም ትመስላለች። የምትወልቀው ብርድ ጠዋት፣ ዘይቱ ወፍሮ ግፊቱ ከፍ ሲል ነው።

አሁን ወደ ዋናው ውለታ እንምጣ፤ የወለቀችዋ የት ሄደች? አረንጓዴዋን በክብር የገዛ ሰው አሮጌዋን በክብር ይሸኛል ብለን ነበር። በጋራዡ ግቢ ጥግ፣ የሙዝ ልጣጭና የፍሬን ሸራ ባለበት ክምር ላይ አፏን ወደ ሰማይ ከፍታ ተቀምጣለች። ክረምት ሲገባ ዝናብ ይሞላባታል፤ ዘይት ከውኃ ቀላል ነውና ከላይ ተንሳፍፎ፣ አፏን ሞልቶ፣ በጠርዟ እየፈሰሰ ወደ ቦይ ይወርዳል። ቀስተ ደመና ይሠራል። ከዚህ በላይ ውበት አለ?

የአሜሪካ የአካባቢ ጥበቃ ኤጀንሲ የሚለው ሌላ ነው። ፊልትሮዋ ሞተሩ ገና ትኩስ ሳለ ወልቃ፣ ጀርባዋ ወይም የላስቲክ ቫልቩ ተበስቶ፣ ከ16 ዲግሪ ሴልሺየስ በማያንስ ሙቀት ቢያንስ 12 ሰዓት ተደፍታ እንድትንጠፈጠፍ ይመክራል። አዲስ አበባ ሌሊት 10 ዲግሪ አካባቢ ስለምትወርድ ውጭ ማሳደር አይሆንም፤ ቤት ውስጥ ባልዲ አፍ ላይ በሽቦ መረብ መድፋት ነው። አንድ መብሻ፣ አንድ ባልዲ፣ አንድ ሌሊት። የተንጠፈጠፈችው ቆርቆሮ ከዚያ በኋላ ቁራጭ ብረት ናት፤ ቁራሌው ይወስዳታል፣ ምድጃ ገብታ ፌሮ ትሆናለች። ያልተንጠፈጠፈችውንም ቁራሌው ይወስዳታል፤ የያዘችው ዘይት በየደረሰችበት ይንጠባጠባል፣ የተረፈው ከምድጃው ጭስ ሆኖ ይወጣል። ግን 12 ሰዓት ማን ይጠብቃል? ባለ መኪናው ቸኩሏል፤ ካሮሴሪው ላይ ችግኝ ተጭኗል፣ ሰው ይጠብቀዋል።

ለተቃጠለው ዘይትማ ሀገራችን የፈጠራ እጥረት የለባትም። ምስጥ እንዳይበላው የአጥር እንጨት ይቀባበታል። የሱቅ ደጃፍ አቧራ እንዳይነሳ ይረጭበታል። ኮንክሪት እንዳይጣበቅ ፎርሙ ላይ ይለቀለቃል። ውስጡ ያለው የብረት ብናኝና ከቃጠሎ የተረፈው መርዝ አብሮ መቀባቱ ነጻ ስጦታ ነው። የተረፈው ቦይ ይገባል፤ ቦዩ ወንዝ ይገባል፤ የአዲስ አበባ ወንዞች አቃቂ ይገባሉ፣ አቃቂም አባ ሳሙኤልን አልፎ አዋሽ ይገባል። በመንገድ ላይ ጎመን የሚጠጣበት አለ። "የገበሬ ነው፣ ማዳበሪያ አልነካውም" ተብሎ የሚገዛው ጎመን የሞተር ዘይቱ ስንተኛ ቁጥር እንደሆነ ግን አይጻፍበትም። ያው የአሜሪካው ኤጀንሲ ከአንድ ሰርቪስ የሚወጣ ዘይት አንድ ሚሊዮን ጋሎን ንጹሕ ውኃ ሊበክል ይችላል ይላል።

ሕግ የለም እንዳይባል፣ የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 አለ፤ የአደገኛ ቆሻሻ አያያዝና አወጋገድ ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 1090/2010ም አለ። የተቃጠለ ዘይትን ክዳን ባለው በርሜል፣ ከውኃና ከፍሬን ዘይት ሳይቀላቅሉ ማጠራቀም ብዙ ትምህርት አይጠይቅም። በርሜሉ ራሱ ከአዲሱ ዘይት የተረፈው ነው፤ የሚገኘው ግን ውኃ ተሞልቶ መኪና ሲታጠብበት ነው።

ለነዚያ ውለታ ቢሶች፣ ቀለም አንገዛም ለሚሉት፣ የሞተራቸውን ኮድ ይዘው ሄደው የክፍል ቁጥሯን ያመሳክሩ፤ ጥርሷን በአሮጌዋ ይለኩ፤ በቀዳዳዋ አጮልቀው የላስቲኩን ቫልቭ በጣት ይጫኑ፣ ተጭኖ የማይመለሰውን ይተዉ፤ ማይክሮን የሌለበትን በመቶኛ አይመኑ፤ ፒስታ የሚበዛበት መኪና በ5,000 ይቀየርለት። በዓመት 20,000 ኪሎ ሜትር የሚሄድ ሀይሉክስ በዚህ ሒሳብ 4 ፊልትሮና 28 ሊትር የተቃጠለ ዘይት ያወጣል። ቦሎ ሲታደስ መብራቱ ይታያል፣ ፍሬኑ ይሞከራል፣ ጎማው ይዳሰሳል፤ 28 ሊትሩ የት ገባ ብሎ የሚጠይቅ መስኮት ስለሌለ ወረፋው ቶሎ ይሄዳል።